ዳር ከተማን ከውስጥ መቅረጽ፦ የአንድ መወጣጫ ደረጃ ጎረቤታሞች ፊልም እንዴት ይሠራል? የትስ ይበላሻል?

ስለ አዲስ አበባ ዳር ሰፈሮች የሚሠራ ቪዲዮ ሞልቷል። አብዛኛው ግን ከሰማይ የተቀረጸ ነው። ድሮን ኮዬ ፈጬ ወይም የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ላይ ያንዣብባል፣ ብሎኮቹን በረድፍ ያሳያል፣ ሙዚቃ ይለቀቅበታል፤ አለቀ። የቀረው ደግሞ ማይክ ይዞ ሰው በር ላይ ቆሞ «ምን ተሰማዎት?» የሚለው ነው። እዚያ የሚኖረው ሰው ከንጋት እስከ ማታ ቀኑን በምን እንደሚጨርሰው አንዱም አይነግረንም።

ከሁለቱ የተለየ ሌላ ዓይነት ሥራ አለ፤ በቁጥር ጥቂት፣ በገንዘብም ደካማ። አንድ ፊልም ሠሪ ብቻውን ወይም ከአንድ ድምፅ ቀራጭ ጋር ሆኖ አንድ ሰው፣ ቢበዛ አንድ ደረጃ የሚጋሩ ጎረቤታሞችን ይመርጥና ወራት ይመላለሳል። በመጨረሻ 12 ደቂቃ ገደማ የሚሆን ፊልም ይወጣዋል። ይህ ጽሑፍ ስለዚያ ሥራ ነው። የዳር ከተማ ኑሮ ዋናው ነገር መመላለስ ስለሆነ በአንድ ቀን ቀረጻ አይያዝም፤ ካሜራው የቱንም ያህል ውድ ቢሆን። ፊልሞቹ ሲበላሹም ጥፋቱ ከሥዕሉ ይልቅ ከድምፁና ከባለታሪኩ ፈቃድ ላይ ይገኛል።

ጉዳዩ አሁን የሚነሣው በምክንያት ነው። የኮንዶሚኒየም ፕሮግራሙ ገርጂ ላይ ሲጀመር ሰፈሩ ከከተማው ጋር የተያያዘ ነበር። ከዚያ በኋላ ግን ሳይቶቹ መሬት ወዳለበት ወጡ፦ ጀሞ፣ የካ አባዶ፣ ቦሌ አራብሳ፣ ቱሉ ዲምቱ፣ ቂሊንጦ፣ ኮዬ ፈጬ። በ2016 ዓ.ም. የኮሪደር ልማቱ ፒያሳን፣ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ካዛንቺስን ሲነካ ከመሀል የተነሡ ቤተሰቦች ወደ ገላን ጉራና ወደ ሌሎች ዳር ሳይቶች ገቡ። ስለዚህ በአንዱ ሰፈር ዓመታት ቆጥቦ ዕጣ የወጣለት፣ ከመሀል የተነሣና ከሁለቱም የማይመደብ ተከራይ ውኃ ሲቀዱ ይገናኛሉ። ከአጥሩ ወዲያ የጤፍ ማሳ አለ። ይህን ሁሉ በአንድ ፊልም ላስገባ ያለ ሰው አይጨርሰውም፤ ቢጨርሰውም የዜና ዘገባ ይሆንበታል።

የባለታሪክ ምርጫ ላይ የሚደጋገም ስሕተት አለ፦ ጥሩ ተናጋሪ ይፈለጋል። ጥሩ ተናጋሪ ጥሩ ቃለ መጠይቅ ይሰጣል እንጂ ፊልም አይሰጥም። የሚሻለው እጁ ሥራ የማይፈታና በየቀኑ የሚደጋግመው መንገድ ያለው ሰው ነው፤ እንጀራ ጋግራ ለሱቅ የምታስረክብ፣ የባጃጅ ሾፌር፣ የሌሊት ጥበቃ፣ ደረጃ ሥር ጀበና ዘርግታ ቡና የምትሸጥ። ሥራው ከተደጋገመ ዛሬ ያመለጠ ቀረጻ ነገ ይገኛል። ሁለት ቀን የተቀረጸ አንድ ሥራም በቅንብር ጊዜ እንደ አንድ ቀን ይያያዛል።

የመጀመሪያዎቹ ሁለትና ሦስት ጉብኝቶች ያለ ካሜራ ናቸው፤ ቡና ተጠጥቶ ይወጣል። በአራተኛው ካሜራው ይወጣና ጠረጴዛ ላይ ይቀመጣል፣ አይከፈትም። ነገሩ ማስመሰል ሊመስል ይችላል፤ ምክንያት ግን አለው። ሰው ቤቱ ካሜራ ሲገባ ቤት ያጸዳል፣ የክት ልብሱን ይለብሳል፣ ድምፁን ይለውጣል። የመጀመሪያው ቀን ቀረጻ ወደ ፊልሙ የሚገባው አልፎ አልፎ ነው፤ ሌላ ጥቅም ባይኖረው እንኳ እንግድነትን ያወጣል።

ዓመቱን በ12 የቀረጻ ቀን መከፋፈል ለአንድ ሰው የሚቻል መጠን ነው። ሦስቱ ሐምሌና ነሐሴ፣ ሦስቱ ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ ይውላሉ፤ ሁለቱ ለበዓል ዋዜማ ይያዛሉ፣ የቀሩት አራቱ ላልታሰበ ነገር ይቀመጣሉ። የበዓል ዋዜማ የሚባለው በምክንያት ነው። በበዓሉ ዕለት ሁሉም ቤት ይመሳሰላል፤ የሰው አቅም የሚታየው ዋዜማ ላይ፣ ሽንኩርት ሲገዛና ዶሮ ሲጠየቅ ነው።

አሁን ወደ አንድ ኩሽና ጠጋ እንበል። በብዙ ሳይቶች ኑሮው ከቤት ወጥቶ ወደ ጋራ መገልገያው ሕንፃ ወይም ወደ በረንዳ ይዘልቃል፤ እንጀራ የሚጋገረውም እዚያ ነው። ጋጋሪዋ ሥራ የምትጀምረው ሌሊት ከሆነ ካሜራው ከውጭ ብርድ ወደ እንፋሎት ይገባል። በታኅሣሥ ንጋት የቀዘቀዘ ሌንስ ወዲያው ጉም ይለብሳል። በጨርቅ መጥረግ አይረዳም፣ ተመልሶ ይመጣል። ካሜራው ከነቦርሳው ተዘግቶ ኩሽናው ውስጥ 20 ደቂቃ ያህል ሙቀቱን ይልመድ፤ በዚያ ጊዜ ድምፅ መቅዳት ይቻላል።

የኤሌክትሪክ ምጣድ ከ3 እስከ 4 ኪሎ ዋት ይስባል። ሲበራ አምፖሉ ደንገዝ ይላል፣ ሲጠፋ ይመለሳል። ካሜራው በራሱ እንዲያስተካክል ከተተወ ሥዕሉ እየፈካና እየጨለመ ይዋዥቃል፤ ስለዚህ የብርሃን መጠኑ በእጅ ይቆለፋል። የሚቆለፈውም በእንጀራው ልክ እንጂ በግድግዳው ልክ አይደለም። ግድግዳው ጥላሸት ነው፤ በእሱ ከተለካ ነጩ እንጀራ ዓይኑ ጠፍቶ ነጭ ወረቀት ይሆናል። ካሜራው ከምጣዱ አንድ ሜትር ተኩል ያህል ርቆ፣ የበሩ ብርሃን ከምጣዱ ጀርባ እንዲመጣ ሆኖ ይቆማል። እንፋሎት የሚታየው ከኋላው ብርሃን ሲመታው ነው፤ ከፊት ከበራበት የለም ማለት ይቻላል።

ሊጡ ከዳር ወደ መሀል እየተዞረ ሲፈስስ፣ ዓይን ሲያወጣ፣ ክዳኑ ሲገጠም፣ እንጀራው በሰፌድ ሲወጣ ሦስት ደቂቃ አይሞላም። ይህን ሳይቆርጡ በአንድ ሾት መያዝ ይገባል። ብዙ ጀማሪ እጅ፣ ፊት፣ እንፋሎት፣ እጅ እያለ ይቆራርጠዋል፤ ያኔ የሥራው ርዝመት ይጠፋል። አንዱን እንጀራ ሙሉ ያየ ተመልካች የቀሩትን ሁሉ ለመገመት ትረካ አያስፈልገውም።

የቴክኒኩ ነገር እንግዲህ ከተነሣ፣ መብራታችን 50 ኸርዝ ስለሆነ በሰከንድ 25 ፍሬም (ነጠላ ሥዕል) እና በ1/50 ሰከንድ የሹተር (ብርሃን የሚያስገባው መዝጊያ) ፍጥነት መቅረጽ ያዋጣል። ስልኮች ብዙ ጊዜ በ30 ፍሬም ተስተካክለው ነው የሚመጡት፤ በርካሽ ኤልኢዲ አምፖል ሥር ሥዕሉ ላይ ጥቁር መስመር የሚሮጠው ሹተሩ ከመብራቱ ጋር ስላልተስማማ ነው። ለዚህ ዓይነቱ ፊልም ደኅና ስልክ ይበቃል። ለካሜራ የታሰበው ገንዘብ ወደ ማይክ ቢሄድ ይሻላል።

ድምፅ ላይ ቆየት እንበል፤ ጥፋቱ የሚበዛው እዚህ ነውና። የኮንዶሚኒየም ክፍል ሲሚንቶና ሴራሚክ ነው፣ ድምፅ እየነጠረ ያስተጋባል። ጋቢና ብርድ ልብስ ከካሜራው ኋላ መስቀል፣ ባለታሪኩን ከአልጋ አጠገብ ማስቀመጥ፣ መጋረጃ መዝጋት ብዙ ይለውጣል። ፍሪጅ ይጠፋል። ሲወጡ ማብራት እንዳይረሳ የራስን ቁልፍ ፍሪጁ ውስጥ ማስቀመጥ ነው፤ ያለ ቁልፍ ወደ ቤት የሚሄድ የለም። የሰው ሥጋ አበላሽቶ በሳምንቱ ለቀረጻ መመለስ አይታሰብም።

የደረት ማይክ ከአገጭ አንድ ስንዝር ወርዶ ይያያዛል። እኛ አገር ትልቁ ጠላቱ ነጠላ ነው። ነጠላ ሲሰበሰብ፣ ሲጣልና ሲታጠፍ ማይኩን ያሻሸዋል፤ ድምፁ እንደ እሳት ይንጣጣል። ማይኩን ነጠላው ላይ መሰካት ትርፉ ኪሳራ ነው። ከውስጥ ቀሚሱ ላይ በሕክምና ፕላስተር ይለጠፋል፣ ገመዱም ከሥሩ አንድ ዙር ተጠምዞ ሌላ ፕላስተር ይደረግበታል፤ ሲሳብ ጉተታው ዙሩ ላይ ይቀራል። ቅጂው በ48 ኪሎ ኸርዝና በ24 ቢት፣ ከፍተኛው ድምፅ በመቅጃው መለኪያ ላይ ከ−12 ዴሲቤል እንዳያልፍ ሆኖ ይያዛል። ጆሮ ማዳመጫ ሳያደርጉ መቅረጽ ዓይን ጨፍኖ እንደመቅረጽ ነው።

ከዚያ ጎረቤት አለ። አዲስ ሳይት ላይ ቤቱ ሳያልቅ ስለሚሰጥ የላይኛው ፎቅ ሴራሚክ ሲቆረጥ፣ ግድግዳ ሲበሳ ይውላል። ሥራው ብዙ ጊዜ ምሳ ሰዓት ላይ ይቆማል፤ ለውይይት የሚሆነው ጸጥታ ያን ጊዜ ይገኛል። ቅዳሴና አዛን ሲጀምር ውይይቱን ማቆም ነው። ድምፁ ይረብሻል ተብሎ አይደለም፤ ከሥሩ ዜማ ያለበት ንግግር ሲቆረጥ ዜማው ይዘልላል፣ ተመልካቹም መቆረጡን ይሰማል። ቅዳሴውን፣ አዛኑን፣ በሌሊት ከማሳው በኩል የሚጮኸውን ጅብ ለብቻው ቢያንስ ሁለት ሁለት ደቂቃ መቅዳት ያስፈልጋል። የእያንዳንዱ ክፍል ዝምታም አንድ ደቂቃ ይቀዳል፤ ያለሱ ቅንብሩ ቀዳዳ በቀዳዳ ይሆናል። ቆርቆሮ ላይ የሚወርድ የሐምሌ ዝናብ ግን መላ የለውም። ዝናቡን ራሱን ቀርጾ ወሬውን ለሌላ ቀን ማቆየት ነው።

መንገዱ የፊልሙ ግማሽ መሆን አለበት። ከኮዬ ፈጬ ወደ መሀል ከተማ የሚሄድ ሰው ከቤት የሚወጣው ሳይነጋ ነው። በታኅሣሥና በጥር ፀሐይ የምትወጣው ከ12፡30 በኋላ ሲሆን፣ አገራችን ለምድር ወገብ ስለምትቀርብ ድንግዝግዙ ከ20 ደቂቃ እምብዛም አይበልጥም። የታክሲ ሰልፉ፣ የሃይገሩ መብራት፣ አፍንጫ ላይ የተሸፈነው ነጠላ ሁሉ በዚያች ጊዜ መያዝ አለበት። ሦስት ንጋት መመደብ ይበቃል፦ አንዱ ለሰልፉ ርዝመት፣ አንዱ ለእጅና ለጫማ፣ አንዱ ከባለታሪኩ ጋር ተሳፍሮ መሀል ከተማ እስኪደረስ። በታክሲ ውስጥ የሚለቀቀው ሙዚቃ ሁለት ጣጣ አለው። እንደ ቅዳሴው ቅንብሩን ያዘልላል፤ ደግሞም ዩቲዩብ ላይ የባለመብት ጥያቄ ያመጣል። የቅጂ መብት አዋጅ 410/1996 ሙዚቃን ይጠብቃል፤ «ከጀርባ ነው የተሰማው» የሚለው ማስተባበያ ክርክር እንጂ ዋስትና አይደለም። ከመነሣቱ በፊት ሾፌሩን ለአሥር ደቂቃ እንዲቀንስ መጠየቅ ከዚህ ሁሉ ያድናል።

በክረምት የአቃቂ ሜዳ ዋልካ ነው። የትራይፖድ እግር እየሰመጠ ሥዕሉ ሳይታወቅ ይዘማል፤ ከሦስቱም እግር ሥር ስባሪ ሴራሚክ ማድረግ ነው፣ በየብሎኩ ጥግ አይጠፋም። የክረምት ደመና ግን ስጦታ ነው። በበጋ እኩለ ቀን ፀሐይ አናት ላይ ትሆንና ዓይን ሥር ጥቁር ጉድጓድ ትሠራለች፤ ከ4 እስከ 9 ሰዓት ባለው ጊዜ ሰውን ደጅ ላይ መቅረጽ አይመከርም። በነሐሴ ቀኑን ሙሉ ብርሃኑ ለስላሳ ነው።

የፈቃዱ ጉዳይ ሁለት ነው፤ የመንግሥትና የሰው። የመጀመሪያው አሰልቺ ቢሆንም ግልጽ ነው። ደብዳቤ ይያዛል፣ የጥበቃና የመንግሥት ተቋም ፍሬም ውስጥ አይገባም፣ ድሮን ያለ ልዩ ፈቃድ አይነሣም። ዳር ላይ ግን አንድ የተለየ ነገር አለ። በ2015 ዓ.ም. ሸገር ከተማ ከተመሠረተ ወዲህ ከአንዳንዱ ሳይት አጥር ወዲያ ያለው አስተዳደር ሌላ ነው። የአዲስ አበባ ወረዳ የጻፈው ደብዳቤ መንገዱን ሲሻገሩ ወረቀት ብቻ ነው። ፊልሙ ማሳውንም ብሎኩንም የሚያሳይ ከሆነ ሁለት ደብዳቤ ያስፈልጋል፤ ለወዲያኛው በአፋን ኦሮሞ።

የሰው ፈቃድ ይከብዳል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 የሰውን ምስል ያለ ፈቃዱ በአደባባይ ማሳየትን ይከለክላል። አንቀጽ 28 ለአደባባይ ሁነቶችና ለመሳሰሉት ልዩ ሁኔታ ያስቀምጣል። የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ 1321/2016ም ተጨምሯል። የታክሲ ሰልፍ አደባባይ ነው ብሎ መከራከር ይቻል ይሆናል፤ የሰው ኩሽና ግን አይደለም።

ከሕጉ ይልቅ የሚያስጨንቀው ግን ሳያስቡት የሚደርሰው ጉዳት ነው። የቤት ቁጥር በፍሬሙ ጥግ ይታያል። የ20/80 ቤት እስከ አምስት ዓመት ለሌላ ማስተላለፍ አይቻልም፤ አንዲት ሴት ካሜራ ፊት «ከእገሌ ገዝቼ ነው» ብትል ራሷንም ሻጩንም አጋልጣለች። በጨረቃ ቤት የሚኖር ሰው የቤቱን አቅጣጫ የሚያሳይ አንድ ሰፊ ሾት ይበቃዋል። የልጅ ዩኒፎርም ትምህርት ቤቱን ይናገራል። የእድር ስብሰባ ሲቀረጽ ስም እየተጠራ ማን ስንት ወር እንዳልከፈለ ይነበባል፤ ፊልም ሠሪው ድባቡን ሲያደንቅ የሰው ገመና ይቀዳል። ተከራይ ከሆነ ደግሞ አከራዩ ፊልሙን አይቶ ቤቱ «ያማረ» መስሎ ከታየው ኪራይ ሊጨምር ይችላል። ይህ ቀልድ አይደለም።

ስለዚህ ፈቃድ አንዴ ተፈርሞ የሚያልቅ ወረቀት መሆን የለበትም። ሲጀመር ባለታሪኩ ካሜራ ፊት ስሙን ተናግሮ፣ ፊልሙ ስለ ምን እንደሆነና የት እንደሚታይ ገብቶት ይስማማል። ጥሬው ቅንብር ሲያልቅ ደግሞ ሙሉው በላፕቶፕ ይታየዋል፣ ለብቻው፣ ዘመድ በሌለበት። «ይህ ይውጣ» ያለው ይወጣል። ፊርማው የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ይህን የሚቃወሙ አሉ፤ ባለታሪክ ፊልም ያቀናብር እንዴ ይላሉ። ለፖለቲከኛ ወይም ለባለሀብት ቢሉት ያስኬዳል። ቤቷን ከፍታ ለአንድ ዓመት ላስገባች ጋጋሪ ግን አያስኬድም። በተግባርም የሚወጣው ብዙውን ጊዜ ከአንድ ደቂቃ ያነሰ ነው።

ገንዘብስ? ለንግግር መክፈል ንግግሩን ያበላሻል፤ ሰው የተከፈለውን ያህል ያለቅሳል። የባከነ የሥራ ሰዓትን መተካት ግን ግዴታ ነው። የባጃጅ ሾፌር ለቀረጻ ሁለት ሰዓት ከቆመ የሁለት ሰዓት ገቢው ይሰጠዋል፤ ይህም ከመጀመሪያው ቀን በፊት ይነገራል።

ቅንብሩ ላይ ቁጥር ይረዳል። በቀን 40 ደቂቃ ብቻ ለመቅረጽ ራስን መግታት ይሻላል፤ በ12 ቀን 8 ሰዓት ይሆናል፣ ለ12 ደቂቃ ፊልም 40 እጥፍ። በሰከንድ 100 ሜጋቢት በሚጽፍ ፎርኬ (4K) ቀረጻ አንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ስለሚይዝ ጠቅላላው 360 ጊጋባይት ነው። ሦስት ቅጂ ያስፈልጋል፣ አንዱ በሌላ ሰው ቤት። መብራት ሲቆራረጥ በመገልበጥ ላይ ያለ ሃርድ ዲስክ ይበላሻልና ቅጂ የሚሠራው ላፕቶፑ በባትሪ እያለ ነው። ንግግሩን በወረቀት ማስፈር አይዘለልም፤ የአንድ ሰዓት ንግግር ከአራት እስከ ስድስት ሰዓት ይፈጃል።

ከዚያ ትልቁ ፈተና ትረካ ነው። ፊልሙ የደከመ ሲመስል «የኑሮ ውጣ ውረድ ያልበገራት...» የሚል የሬዲዮ ድምፅ ይደረብበታል። ይህ ብዙ ጥሩ ቀረጻ ገድሏል። ፊልሙ ያለ ትረካ ካልቆመ የጎደለው ሾት ነው፤ ከአራቱ ትርፍ ቀናት አንዱን ወስዶ መመለስ ይሻላል።

ከአጥሩ ወዲያ ያለው ገበሬ በአፋን ኦሮሞ ሲናገር ወደ አማርኛ ይምጣ ብሎ ማስገደድ ንግግሩን ግማሽ ያደርገዋል። በቋንቋው ይናገር፣ የግርጌ ጽሑፍ ይሠራለት፤ ተርጓሚውም ሙሉውን ቅጂ የሰማ ይሁን እንጂ የተቆረጠውን ብቻ አይስጡት። የግርጌ ጽሑፍ በፊደላችን ሲጻፍ ቀጫጭን መስመር ያለው ቅርጽ ስልክ ላይ ይጠፋል፤ ወፈር ያለ ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክ ይነበባል። አንዳንድ የቅንብር ፕሮግራም ፊደሉን ሳጥን ሳጥን አድርጎ ያወጣዋል። ሙሉው ከመውጣቱ በፊት የአንድ ደቂቃ ሙከራ አውጥቶ በሌላ ሰው ስልክ ማየት ነው።

የመጀመሪያው ማሳያ ብሎኩ ላይ ቢሆን ጥሩ ነው፤ በጋራ መገልገያው ሕንፃ፣ ነጭ አንሶላ ግድግዳ ላይ ተወጥሮ። እስከ 1 ሰዓት ተኩል ስለሚጨልም ቀጠሮው 2 ሰዓት ይሁን፤ ከሥራ የሚመለሰውም ያን ጊዜ ነው የሚደርሰው። ምጣድ በሚበራበት መስመር ላይ ፕሮጀክተር መሰካት አይገባም። ድምፁ ከፕሮጀክተሩ ሳይሆን ከአንሶላው ሥር ከተቀመጠ ስፒከር ይውጣ። መብራት ከጠፋ ላፕቶፑ ይቀጥላል፤ ሰዉ ወንበሩን ይዞ ይጠጋል።

ለባለታሪኳ የሚሰጠው ቅጂ በፍላሽ ቢሆን የምትሰካበት ላይኖራት ይችላል። በ720ፒ፣ በሰከንድ 2.5 ሜጋቢት የተጨመቀ የ12 ደቂቃ ፊልም 225 ሜጋባይት ነው፤ ስልኳ ላይ በብሉቱዝ ሳይሆን በገመድ ይጫን፣ መከፈቱም እዚያው ይታይ።